ልጄ ይዞት የመጣው ማስቲካ፣ ፒቸሩና ፊልሙ፦ ይህ ሰውዬ ማነው?

የናቲ አባት (ሜሪላንድ)

ሰላም ለሁላችሁም። ጥያቄዬ ረዘም ይላል፣ ታገሱኝ።

ልጄ ዘጠኝ ዓመቱ ነው። ዘንድሮ ቤዝቦል ጀመረ። እኔ ስለ ጨዋታው ምንም አላውቅም፤ አጥሩ ሥር ታጣፊ ወንበሬን ዘርግቼ ሌሎቹ ወላጆች ሲያጨበጭቡ አብሬ አጨበጭባለሁ። ባለፈው ቅዳሜ ስንመለስ ናቲ ከኋላ ወንበር አንድ ነገር ያላምጣል። በመስታወቱ ሳየው የሚታኘክ ትምባሆ የሚሸጥበትን የመሰለ ከረጢት ይዟል፣ ጣቱን ይከትና የተከተፈ ነገር ቆንጥሮ አውጥቶ ጉንጩ ውስጥ ይወትፋል። ሱረት! አልኩ በልቤ። መኪናዋን ዳር አስያዝኳት። ከዚያ በኋላ የተናገርኩትን እዚህ አልጽፈውም፣ እናቱም ይህን ታነባለች። ለካ ማስቲካ ነው። ቢግ ሊግ ቹ ይባላል፣ እንደ ትምባሆ ተከትፎ በከረጢት የሚሸጥ ማስቲካ።

ለአሰልጣኙ ስነግረው እስኪያነባ ሳቀ። «የፈጠረው እኮ ራሱ ፒቸር፣ ማለትም ኳስ ወርዋሪ፣ የነበረ ሰው ነው፣ ጂም ባውተን፣ ፊልምም ሠርቷል» አለኝ። ማታ ልጆቹ ሲተኙ ፊልሙን ፈልጌ አየሁት። የ1973 «ዘ ሎንግ ጉድባይ» ነው። ሰውየው መጀመሪያ ላይ ብቅ ይላል፣ ይጠፋል፣ መጨረሻ ላይ ደግሞ ይመጣል። መልኩ ጥሩ ነው። ግን ተዋናይ አይመስልም፣ ፈገግ ሲልም አላመንኩትም።

ምን ነክቶት ነው ኳስ ትቶ ፊልም የገባው? ከገባስ ለምን አልቀጠለበትም? የምታውቁ ንገሩኝ፤ ናቲም ይጠይቀኛል።

ማታ ማታ ሲኒማ (አዲስ አበባ)

ስለ ኳሱ አልፈርድም፣ ስለ ፊልሙ ግን ዝም አልልም።

«ፈገግ ሲል አላመንኩትም» ያልከው ነገር እኮ ሚናው ነው! ቴሪ ሌኖክስ ማለት ገና ስታየው የምትወደው፣ በምን ምክንያት እንደምታምነው የማታውቀው ጓደኛ ነው። ኤሊየት ጉልድ የሚጫወተው መርማሪ ማርሎው በሌሊት ወጥቶ ለድመቱ ምግብ ይገዛል፣ ሲመለስ ሌኖክስ ፊቱ ተቧጥጦ ይመጣና ሜክሲኮ ቲዋና ድረስ አድርሰኝ ይለዋል። ያደርሰዋል። ብዙ አይጠይቅም። በማግስቱ ፖሊስ መጥቶ የሌኖክስ ሚስት ተገድላለች ይላል፣ ፊልሙ ከዚያ ይነሳል። (መጨረሻውን ያላያችሁ ይቺን ዝለሉ፦ ማርሎው ሜክሲኮ ሄዶ ያገኘዋል፣ ሌኖክስ ያቺኑ ፈገግታ ፈገግ እያለ ያወራዋል፣ ማርሎው ሽጉጡን ያወጣል።) ሙሉ ተዋናይ ቢሆን ኖሮ ገና በመጀመሪያው ትዕይንት ተንኮሉን ፊቱ ላይ ያሳይህ ነበር። ባውተን ማሳየት አይችልበትም፣ ስለዚህ ትሸወዳለህ።

ዳይሬክተሩ ሮበርት አልትማን ደግሞ ይሄን የሚያደርገው አውቆ ነው። እዚያው ፊልም ላይ ወሮበላው ማርክ ራይዴል ራሱ ዳይሬክተር ነው፣ ሴትየዋ ኒና ቫን ፓላንት ዘፋኝ ነበረች፣ ከወሮበላው ጠባቂዎች አንዱ ደግሞ ገና ማንም የማያውቀው አርኖልድ ሽዋርዘኔገር ነው። ከነጡንቻው! መልሰህ እይ።

ሬኒየር ጎዳና (ሲያትል)

እሺ፣ ኳሱን ለእኔ ተዉት። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ ናቸው።

እኔ ቀለም፣ ሚስማርና አምፖል የምገዛው እዚህ ሲያትል ሬኒየር ጎዳና ላይ ካለ ትልቅ የሃርድዌር መደብር ነው። የሀበሻ ሱቆቹ ሰፈር ያለን ሁላችን እናውቀዋለን። ለዓመታት ገባሁ ወጣሁ፤ አንድ ቀን እዚህ ቦታ ስታዲየም እንደነበር የሚናገረውን ምልክት ቀና ብዬ አነበብኩት። ሲክስ ስታዲየም ይባል ነበር። በ1969 ሲያትል ፓይለትስ የሚባል ቡድን እዚያ ተጫወተ፣ 64 አሸንፎ 98 ተሸነፈ፣ ከሰረ፣ በዓመቱ ሚልዋኪ ሄደ። በቃ፣ አንድ ዓመት ብቻ። ሰው ሲበዛ የውሃው ግፊት ይወድቅና መጸዳጃ ቤቱ ሥራ ያቆም ነበር ይባላል። ያን ቡድን ዛሬ ድረስ ያስታወሰው ዋንጫ ሳይሆን ከተጠባባቂ ወርዋሪዎቹ አንዱ በየቀኑ ማስታወሻ ይይዝ ስለነበር ነው። ባውተን ነው።

ከዚያ በፊት ግን ትልቅ ሰው ነበር። በ1939 ኒው ጀርሲ ኒዋርክ ተወለደ፣ በ1962 የኒው ዮርኩ ቡድን ያንኪስ ገባ። ከነገሩ ሁሉ ኮፍያው ነው የሚታወቀው፤ ሰውየው ኳሷን ሲወረውር መላ አካሉን ስለሚወረውር ኮፍያው ከራሱ ላይ ይበር ነበር። በ1963፣ በ24 ዓመቱ፣ 21 ጨዋታ አሸንፎ 7 ብቻ ተሸነፈ (የጨዋታው ውጤት በወርዋሪው ስም ይመዘገባል)። በ1964 ደግሞ ዎርልድ ሲሪስ ላይ፣ የዓመቱ የዋንጫ ፍልሚያ ማለት ነው፣ ሁለት ጨዋታ አሸነፈ። አንደኛውን ያሸነፈው አንድ ለአንድ ሆነው በመጨረሻው፣ በዘጠነኛው ዙር ላይ የቡድን ጓደኛው ሚኪ ማንትል የመጀመሪያዋን ኳስ መትቶ ከሜዳ ውጭ ስለሰደደለት ነው፤ እንዲህ ስትወጣ ነጥብ ናት። ይቺን ነገር ያዙልኝ፣ እመለስባታለሁ።

በ1965 ክንዱ ታመመ። 4 አሸንፎ 15 ተሸነፈ። የፒቸር ክንድ አንዴ ከሄደ ሄደ። ያኔ ወደ ነክልቦል ሸሸ። ለማታውቁት፦ ሌላው ውርወራ ኳሷን በማሽከርከር ነው የሚሠራው። ነክልቦልን ግን በጣት ጫፍ፣ በጥፍር ቆንጥጠህ ይዘህ ሳትሽከረከር ትለቃታለህ። ስለማትሽከረከር አየሩ ስፌቷን እየያዘ ወደፈለገው ይገፋታል፤ መቺውም፣ ተቀባዩም፣ ራሱ ወርዋሪውም የት እንደምትደርስ አያውቁም። ጉልበት አትፈልግም። በዚያች ኳስ ነው እንጀራውን ሲያሳድድ ሲያትል የደረሰው፣ ከዚያም ዓመቱ ሳያልቅ ለሂውስተን ሰጡት።

ማስታወሻውን በፖስታ ጀርባ፣ በሆቴል ወረቀት፣ በፈንድሻ ካርቶን፣ አውሮፕላን ላይ በሚሰጡት የማስታወኪያ ከረጢት ሳይቀር ይጽፍ ነበር። ሌናርድ ሼክተር ከሚባል ጋዜጠኛ ጋር አዘጋጅተው በ1970 «ቦል ፎር» ብለው አወጡት። መልበሻ ክፍል ውስጥ የሚሆነውን ሁሉ ጻፈ። ተጫዋቾች የሚውጡትን የሚያነቃቃ እንክብል፣ የሴት ነገር፣ የአሰልጣኞቹን ሞኝነት፣ እና ማንትልን። ያ ጨዋታውን ያሸነፈለት ማንትል ሰክሮ ሲመጣ፣ ፊርማ የሚለምኑትን ልጆች ሲያባርር። አገር ተናወጠ። የቤዝቦሉ የበላይ ኃላፊ፣ ኮሚሽነሩ ቦዊ ኩን ቢሮው ጠርቶ እውነት አይደለም ብለህ ፈርም አለው፣ አልፈርምም አለ። ፒት ሮዝ የሚባል ተጫዋች ሜዳ ላይ ሲያየው «ሼክስፒር» እያለ ይሰድበው ነበር። ያንኪስ የቀድሞ ተጫዋቾቹን በየዓመቱ ሰብስቦ ሲያከብር እሱን መጥራት ትቶ ወደ ሠላሳ ዓመት ተጠጋ።

እና ጥያቄህን ልመልስ፦ ኳስ ትቶ ፊልም አልገባም። ኳሷ ናት የተወችው። በ1970 ሂውስተን ወደ ታችኛው ሊግ ሲያወርደው ወጣ። ኒው ዮርክ የቴሌቪዥን ስፖርት ዜና አቅራቢ ሆነ። ፊልሙ የመጣው ከዚያ በኋላ ነው።

የካዛንቺስ ልጅ

ይቅርታ፣ እኔ ሰውየው አልጣመኝም። አብረውት የበሉ፣ አንድ ክፍል የተኙ፣ ወንድሜ ብለው ያወሩትን ሰዎች ገመና አውጥቶ ሸጠ። ማንትል ጨዋታ አሸነፈለት፣ እሱ ስካሩን ጻፈለት። ይሄ ጀግንነት ነው እንዴ? እኛ ሰፈር እንዲህ ያደረገ ሰው ቡና እንኳ አይጠራም። ያንኪስም ልክ ናቸው።

ሰብለ (አትላንታ)

ወንድሜ የካዛንቺስ ልጅ፣ ስለ ማንትል ያልከውን እቀበልሃለሁ። ጨክኗል። ግን መጽሐፉ ውስጥ ያለው ገመና የስካር ብቻ አይደለም፣ የገንዘብም ነው፣ አለቆቹን ያንገበገበው ደግሞ እሱ ይመስለኛል። ያን 21 ጨዋታ ያሸነፈ ዓመት ደሞዙ 10,500 ዶላር ነበር። የዓመት ነው የምልህ። በሚቀጥለው ዓመት ድርድር ላይ እምቢ ሲል፣ እስክትፈርም በየቀኑ 100 ዶላር እንቀጣሃለን ተባለ። በ18,500 ፈረመ። ተጫዋቾቹ አንዱ የሌላውን ደሞዝ አያውቅም፣ ሌላ ቡድን መሄድም አይችሉም ነበር፣ ሁሉም ለብቻው ቢሮ ገብቶ ለብቻው ይሸወዳል። እኔ እዚህ የምሠራበት ቦታ ደሞዛችሁን እርስ በርስ አታውሩ ብለውን ለአራት ዓመት አፌን ዘግቼ ቆየሁ። አንድ ቀን ምሳ ላይ አንዷ አመለጣት። ከእኔ በኋላ የገባች ልጅ ናት። ከእኔ በሰዓት ሦስት ዶላር ትበልጣለች። ስለዚህ ገመና ስትለኝ የማን ገመና ብዬ እጠይቃለሁ።

ወደ ትወናው ልምጣ። ከፊልሙ ሦስት ዓመት በኋላ፣ በ1976፣ ሲቢኤስ መጽሐፉን ይዞ በዚያው ስም የቴሌቪዥን ኮሜዲ ሠራ። ባውተን ከጻፉት አንዱ ነበር፣ ዋናው ተዋናይም ራሱ። አምስት ክፍል ታየና ተነሳ። ምክንያቱ ብዙ ነው፣ ለእኔ ግን የሚገባኝ ይሄ ነው፦ የመጽሐፉ ጣዕም የመልበሻ ክፍል ወሬው ነበር፣ ስድቡ፣ ብልግናው። ይሄን ልጆች ገና ባልተኙበት ሰዓት በቴሌቪዥን ማውራት አይቻልም። ቃሪያውን አውጥተህ ስልጆ ስትሠራ ምን ይቀራል?

ከዚያስ? ሌላ ሚና ሲፈልግ አልኖረም። ወደ ኳስ ተመለሰ! በ38 ዓመቱ፣ በቴሌቪዥን የታወቀ ሰው፣ ከሃያ ዓመት ልጆች ጋር በአውቶቡስ እየተጓዘ በታችኛው ሊግ መጫወት ጀመረ። ሜክሲኮ ሄደ። ኦሪገን ሄደ፣ ፖርትላንድ ማቭሪክስ የሚባል ማንም የማይፈልጋቸውን ሰዎች የሚሰበስብ ቡድን። የናቲ አባት፣ ማስቲካህ የተወለደው እዚያ ነው፣ ደግሞ አሰልጣኙን አርመው፦ ሐሳቡ የሮብ ኔልሰን ነው፣ እሱም እዚያው ፒቸር ነበር። ተጫዋቾቹ ትምባሆ እያኘኩ ሲተፉ እያየ፣ ለምን ማስቲካ ከትፈን እንዲህ በከረጢት አናደርገውም አለ፣ ባውተን ገንዘብ አወጣና ኩባንያ አፈላልጎ ሸጠው፣ በ1980 ገበያ ወጣ። የቡድኑ ባለቤት ቢንግ ራስል ደግሞ ተዋናይ ነው፣ የታወቀው ተዋናይ የኩርት ራስል አባት። በዚያ ቡድን ዱላ አቀባይ የነበረው ልጅ ቶድ ፊልድም አድጎ የፊልም ዳይሬክተር ሆነ። እዚያ ቡድን ውስጥ ማን ኳስ ተጫዋች ማን የፊልም ሰው እንደነበር ግራ ይገባል።

በ1978 እኛ ጆርጂያ መጣ። መጀመሪያ ሳቫና፣ ቀጥሎ መስከረም ላይ አትላንታ ብሬቭስ። የቡድኑ ባለቤት በኋላ ሲኤንኤንን ያቋቋመው ቴድ ተርነር ነበር፣ እብድ ነገር የሚወድ ሰው ነው። ባውተን 39 ዓመቱ ነው፣ በትልቁ ሊግ ከተጫወተ ስምንት ዓመት አልፎታል። ሳን ፍራንሲስኮን አሸነፈ። አንድ። ሦስት ተሸነፈ። ከዚያ በቃኝ አለ። የሕይወት ዘመን ውጤቱ 62 አሸንፎ 63 ተሸነፈ ነው። አንዲት ጨዋታ ናት የጎደለችው፣ እኔን ያንገበገበኝን ያህል እሱን አላንገበገበውም መሰለኝ።

የካዛንቺስ ልጅ

ስለ ደሞዙ አላውቅም ነበር። እሺ። ማንትል ግን ይቅር አለው?

ሰብለ (አትላንታ)

በ1994 የማንትል ልጅ ሲሞት ባውተን የሐዘን ደብዳቤ ላከለት። ማንትል ስልክ ደወለና መልእክት ተወለት፤ አመሰገነው፣ በመጽሐፉ እንዳልተቀየመው ነገረው፣ ያንኪስ እንዳይጠሩህ ያደረግኩት እኔ አይደለሁም አለው። ባውተን ያን ድምፅ አላጠፋውም፣ አስቀምጦት ኖረ። ማንትል በዓመቱ ሞተ።

ከዚያ የባሰው መጣ። በ1997 የባውተን ሴት ልጅ በመኪና አደጋ ሞተች። 31 ዓመቷ ነበር። በሚቀጥለው ዓመት የአባቶች ቀን ዕለት ወንድሟ ኒው ዮርክ ታይምስ ላይ ለያንኪስ ደብዳቤ አወጣ፦ አባቴ ተሰብሯል፣ እባካችሁ ጥሩት የሚል ነው። ጠሩት። ሐምሌ 1998 በ59 ዓመቱ፣ 56 ቁጥር ማሊያውን ለብሶ ሜዳው መሃል ቆመ፣ የሞተችው ልጁ ጓደኞች ተመልካች መሃል ነበሩ። ወረወረ። ኮፍያው በረረች።

ይሄን ስጽፍ አለቀስኩ፣ ቡናዬም ገነፈለ።

ጋሽ ታክሲ (ዋሽንግተን ዲሲ)

ልጆቼ ጥሩ ጽፋችኋል፣ ጥቂት ልጨምር። ታክሲ ስነዳ ቤዝቦልን በሬዲዮ ነው የተማርኩት፣ እንግሊዝኛም ጭምር።

አንደኛ፣ ያ አምስት ክፍል የታየው ኮሜዲ ላይ ቡድኑ «ዋሽንግተን አሜሪካንስ» ነው የሚባለው። ዋሽንግተን ያኔ ቡድን አልነበራትም! እውነተኛው በ1971 ጥሎን ቴክሳስ ሄዷል፣ ሌላ የመጣልን በ2005 ነው። በሠላሳ አራት ዓመት ውስጥ ይቺ ከተማ የነበራት ቡድን የቴሌቪዥን ቡድን ነው፣ እሱም አምስት ሳምንት።

ሁለተኛ፣ ባውተን በ1963 ዎርልድ ሲሪስ ሎስ አንጀለስ ላይ ወርውሮ አንድ ለዜሮ ተሸነፈ። ያሸነፈው የሎስ አንጀለሱ ወርዋሪ ዶን ድራይስዴል ነው፣ እሱም በቴሌቪዥን ድራማ ብቅ ጥልቅ ይል የነበረ ሰው። ድራይስዴልና የቡድን ጓደኛው ሳንዲ ኮፋክስ በ1966 ምን አደረጉ መሰላችሁ? ሁለቱ ተባብለው ለሦስት ዓመት አንድ ሚሊዮን ዶላር ካልሰጣችሁን አንጫወትም አሉ። ልምምዱን ትተው ለፊልም ፈረሙ። ከ32 ቀን በኋላ ቡድኑ ለስለስ አለ፣ ለኮፋክስ 125,000፣ ለድራይስዴል 110,000 ሰጠ። የጠየቁትን አላገኙም፣ ግን ፊልሙን ጥለው በሩጫ ወደ ኳስ። ለእነሱ ፊልም ማስፈራሪያ ነበር። ለባውተን መጠለያ ነበር፣ ያውም የሚያንጠባጥብ መጠለያ።

ሦስተኛ፣ ይሄ የእኛን ቤት ይነካል። ደቡብ አፍሪካ በ1968 ሜክሲኮ ኦሎምፒክ እንድትሳተፍ ሲፈቀድ፣ ኢትዮጵያን ጨምሮ የአፍሪካ አገሮች አንሄድም አሉ፣ ግብዣው ተሰረዘ። ከአሜሪካ ቤዝቦል ተጫዋቾች መሃል ያን ተቃውሞ ደግፈው ከፈረሙት አንዱ ባውተን ነው። ፈርሞም አልተቀመጠ፣ ሜክሲኮ ድረስ ሄዶ የኦሎምፒክ ሰዎችን ለማነጋገር ሞከረ። ማሞ ወልዴ ማራቶኑን ያሸነፈበት ኦሎምፒክ ነው። እኔ ያኔ ልጅ ነበርኩ፣ ጎረቤት ቤት ሬዲዮ ሥር ተኮልኩለን ነው የሰማነው። ከብዙ ዓመት በኋላ ተሳፋሪ ትቶት የሄደውን የባውተንን መጽሐፍ ሳነብ እዚያ ገጽ ላይ ስደርስ ታክሲዬን አቁሜ ደግሜ አነበብኩት።

በ2012 ስትሮክ መታው። ቀጥሎም የመርሳት በሽታ ያዘው። ቋንቋ ነበር ሀብቱ፣ ቋንቋውን ነው የነካበት። ሐምሌ 2019 ማሳቹሴትስ ቤቱ ውስጥ በ80 ዓመቱ አረፈ። እነዚያ ብጥስጣሽ ማስታወሻዎቹ ዛሬ እዚሁ እኛ ከተማ፣ የኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት ውስጥ ናቸው። ያን በር ስንት ጊዜ ሰው አውርጄበታለሁ።

ማታ ማታ ሲኒማ (አዲስ አበባ)

ጋሼ፣ መጠለያ ያሉት ነገር ገባኝ። እኔም ዛሬ መልሼ አየሁት። አንድ ነገር ልብ አልኩ፦ ራሱን ሆኖ ሲያወራ፣ ቃለ መጠይቅ ላይ፣ ሰውየው አፍ የሚያስከፍት ነው። ሌላ ሰው ሁን ሲሉት ይደርቃል። በኮሜዲው ላይ ደግሞ ስሙን ጂም ባርተን አሉት። በእንግሊዝኛው ሁለት ፊደል ቀይረው ራስህን ተጫወት ማለት ነው፣ ይሄ ከሁሉም ይከብዳል።

የናቲ አባት (ሜሪላንድ)

ሁላችሁንም እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ጋሼ በተለይ። ለአሰልጣኙ የሮብ ኔልሰንን ነገር ነገርኩት፣ ኮራሁ፣ የመጀመሪያዬ ነው ቤዝቦል ላይ አፌን ስከፍት።

ሬኒየር ጎዳና ግን አንተ ቤቴን በጠበጥከው። ስለ ነክልቦል የጻፍከውን ለናቲ አነበብኩለት፤ ከዚያ ቀን ጀምሮ ግድግዳ ላይ ኳስ ይወረውራል፣ አትሽከረከርም አባዬ እያት እያት ይላል፣ እሷ ደግሞ ትሽከረከራለች። እሁድ ከቤተ ክርስቲያን በፊት እናቱ ጥፍርህን ና ላስተካክል ብትለው እጁን ከኋላው ደብቆ እምቢ አለ፣ ያስፈልገኛል አላት። ማነው እንዲህ ያለህ ብላ ወደ እኔ ዞረች። ቁልፌን ፈልጌ ወጣሁ።